ዐውሎ ነፋስና የቤታችን ክዳን

ባለፈው ሰሞን በጂኦግራፊ ክፍለ ጊዜ ስለ ሐሪኬን ስንማር፣ አንድ ጓደኛችን እጁን አወጣና «ባሕር በሌለበት በጎጃም ይህን ማወቁ ምን ያረግልናል?» ሲል ጠየቀ። ክፍሉ በሙሉ ሳቀ፤ እኔም ስቄአለሁ። ማታ ሳስበው ግን ጥያቄው የሚያስቅ ሆኖ አላገኘሁትም። ስለዚህ መልሱን በአጭሩ ለማቅረብ ሞክሬአለሁ።

ሐሪኬን ምንድን ነው?

ሐሪኬን ከሞቃት ባሕር የሚወለድ ታላቅ ዐውሎ ነፋስ ነው። የባሕሩ ውሃ እስከ 27 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያህል ሲሞቅ እርጥብ አየር ወደ ላይ ይነሣል። እንፋሎቱ ደመና ሲሆን ሙቀት ይለቃል፤ ይህ ሙቀት ደግሞ ሌላ አየር ይስባል። የምድር መሽከርከር ያዞረዋል። ነፋሱ በሰዓት 119 ኪሎ ሜትርና ከዚያ በላይ ሲሮጥ በአትላንቲክ ሐሪኬን፣ በምዕራብ ፓሲፊክ ታይፉን ይባላል። በሕንድ ውቅያኖስ የሚነሣው ሳይክሎን ይባላል።

ለአገራችን የሚቀርበው ሳይክሎን ነው። በግንቦት 2010 ዓ.ም. «ሳጋር» የተባለው ሳይክሎን ከኤደን ባሕረ ሰላጤ መጥቶ፣ ዝናቡ በሱማሌ ክልል ጎርፍ አስከትሏል። ቢቸናና ሞጣ ግን ከባሕር የራቁ፣ ከ2400 ሜትር በላይ ከፍታ ያላቸው ናቸው። ሳይክሎን የብስ ሲረግጥ ምግቡ የሆነው ሞቃት ውሃ ይቋረጥበታልና እዚህ ሳይደርስ ይሞታል።

ታዲያ ለምን እንማረው? ስለ መዘጋጀት ስለሚያስተምረን ነው። በኅዳር 1963 ዓ.ም. ዛሬ ባንግላዴሽ በምትባለው አገር ከ300,000 በላይ ሰው በአንድ ሳይክሎን እንዳለቀ ይገመታል። በግንቦት 2012 ዓ.ም. «አምፋን» የተባለው ብርቱ ሳይክሎን ሲመጣ ግን ከ2 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ አስቀድሞ ወደ መጠለያ ገባ፤ በዚያች አገር የሞቱትም ከመቶ ያነሱ ነበሩ። ነፋሱን ያስቆመው የለም፤ ሰዉ ግን ተዘጋጅቶ ጠበቀው።

የእኛው ውሽንፍር

ለእኛ የሚመጣው ውሽንፍር፣ በረዶና መብረቅ ነው። የረፋድ ፀሐይ ያሞቀው አየር ወደ ላይ ወጥቶ ከሰዓት በኋላ ጥቁር ደመና ይሆናል። በደመናው ውስጥ የበረዶ ቅንጣቶች ሲጋጩ ኤሌክትሪክ ይጠራቀማል፤ መብረቅ ማለት ይኸው ነው። ዝናቡና በረዶው ሲወርዱ ቀዝቃዛ አየር ይዘው ይወርዱና መሬት ላይ ይበተናሉ። ከዝናቡ ቀድሞ ፊታችንን የሚመታው ብርድ ያለው ነፋስ እሱ ነው። ስለዚህ ያ ነፋስ ሲመጣ ማስጠንቀቂያ መሆኑን እንወቅ።

ቆርቆሮ እንዴት ይነሣል? ነፋሱ በክዳኑ ላይ ሲሮጥ ከላይ ያለው ግፊት ይቀንሳል፤ በተከፈተ በር የገባው ነፋስ ደግሞ ከታች ይገፋዋል። ለተማሪ ለማሳየት ቀላል ነው፦ ቀጭን ወረቀት ከከንፈር በታች ይዞ በላዩ መንፋት ነው። ወረቀቱ ብድግ ይላል።

በቤት ምን እናድርግ?

ሀ. ክረምት ሳይገባ በሚያዝያ ክዳኑን መመርመር። የላላ ምስማር መቀየር፣ ማገሩንና ወራጁን በሽቦ ማሰር። ቆርቆሮ ላይ ድንጋይ መጫን አይበጅም፤ ክዳኑ ሲነሣ ድንጋዩ ሰው ላይ ይወርዳል።

ለ. በቤቱ ዙሪያ ቦይ መቅደድ፣ በቤቱ ላይ የተንጠለጠለ ደረቅ ቅርንጫፍ መቁረጥ።

ሐ. ነፋስ ሲነሣ በርና መስኮት መዝጋት፤ በሣር ቤት የምድጃውን እሳት ማጥፋት ወይም በአመድ መዳፈን።

መ. ብልጭታውን አይቶ ነጎድጓዱ እስኪሰማ መቁጠር። ሦስት ሰከንድ አንድ ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ከ30 ሰከንድ ካነሰ ቤት መግባት፣ ከመጨረሻው ነጎድጓድ በኋላም 30 ደቂቃ መቆየት። ቤት ውስጥ ግድግዳና ምሰሶ አለመደገፍ።

ሠ. በሮብ ገበያ ዶፍ ሲወርድ ሰው ሁሉ ወደ ትልቁ ዛፍ ይሮጣል። ይህ ትልቅ ስሕተት ነው፤ መብረቅ ረጅም ነገር ይወዳል። እረኞችም ከዛፍና ከጉብታ ርቀው፣ ተራርቀው፣ እግራቸውን ገጥመው ቁጢጥ ይበሉ።

ረ. መብረቅ የመታውን ሰው መንካት አያስፈራም፤ ኤሌክትሪኩ በሰውነቱ ውስጥ አይቀርም። መተንፈስ ካቆመ ሳይዘገዩ ትንፋሽ መስጠትና ደረቱን መጫን፣ ወደ ጤና ጣቢያም ማድረስ ያስፈልጋል።

በመጨረሻ አንድ የማልረሳውን ላጫውታችሁ። ስድስተኛ ክፍል ሳለሁ ከክፍላችን ጥግ ያለው ቆርቆሮ ነፋስ በነፈሰ ቁጥር ይንኳኳ ነበር። እኛም ለምደነው እንስቅ ነበር። አንድ የሰኔ ቀን ውሽንፍሩ መጣና ቆርቆሮውን ገነጠለው። መምህራችን «ዴስክ ሥር ግቡ! ማንም እንዳይወጣ!» እያሉ ጮኹ። የሰማናቸው ተረፍን። አንድ ልጅ ግን ደንግጦ ወደ ውጭ ሮጠና ቆርቆሮው ትከሻውን ቆረጠው። እግዜር ይመስገን ዳነ፤ ጠባሳው ግን ዛሬም አለ። ያን ጥግ የሚይዙት ሁለት ምስማሮች ነበሩ።

ጓደኞቼ እጩ መምህራን፣ ነገ በየገጠሩ ስንመደብ የሚሰጠን ክፍል ቆርቆሮ ክዳን ይኖረዋል፤ ከሥሩም ልጆች ይቀመጣሉ። በመጀመሪያው ሳምንት ቀና ብለን ክዳኑን እንየው። የሚንኳኳ ነገር ካለ መዶሻ እንፈልግ። ለጓደኛችን ጥያቄ የኔ መልስ ይኸው ነው።