ጌሙን ሳይከፍቱ የስክሪኑን ሁኔታ መቀየር ይቻላል

በሰሜን ሸዋ ዞን የሞጃና ወደራ ወረዳ ዋና ከተማ በሆነችው በሰላ ድንጋይም ሆነ በሌሎች የወረዳ ከተሞች ለትምህርት ቤት፣ ለወጣቶች ማዕከል ወይም ለጽህፈት ቤት የተሰጠ ኮምፒውተር ጌም ወይም ማስተማሪያ ፕሮግራም ሲከፈትበት ስክሪኑ በድንገት ጥቁር ሊሆን ይችላል። ሞኒተሩ ላይ የተላከለት ምስል ከአቅሙ በላይ መሆኑን የሚገልጽ አጭር የእንግሊዝኛ ጽሑፍ ብቅ ብሎ ይጠፋል፤ ትንሿ መብራትም ብልጭ ድርግም ማለት ትጀምራለች። ተጠቃሚው ኮምፒውተሩን አጥፍቶ ያበራል፤ ዴስክቶፑ እንደ ወትሮው ይመጣል። ጌሙን ሲከፍት ግን ያው ጨለማ ይመለሳል።

ከዚህ በኋላ የሚሆነው አብዛኛው የመንግሥት ሠራተኛ የሚያውቀው ነው። ኮምፒውተሩ በአውቶቡስ ተጭኖ ወደ ዞኑ ዋና ከተማ ወደ ደብረ ብርሃን ይላካል፤ አለያም በአቅራቢያ የተገኘ ሰው «ፎርማት ይደረግ» ይላል። ፎርማት ሲደረግ ደግሞ ኮፒ ያልተያዘላቸው ደብዳቤዎች፣ የተማሪዎች ውጤትና የደመወዝ መክፈያ ሠንጠረዦች አብረው ሊጠፉ ይችላሉ። ከዚህም የከፋው «አይሠራም» ተብሎ መጋዘን የሚገባውና የንብረት አስወጋጅ ኮሚቴን የሚጠባበቀው ነው።

እንዲህ ባለው አጋጣሚ ግን ከኮምፒውተሩ አካላት አንዱም ላይበላሽ ይችላል። ችግሩ ያለው ጌሙ በሚያነባቸው ጥቂት ቁጥሮች ላይ ሲሆን፣ እነዚህንም ቁጥሮች ጌሙን ሳይከፍቱ ከውጭ ማስተካከል ይቻላል። ሥራው ጥቂት ደቂቃዎችን ከመውሰዱ በቀር የሚጠይቀው ወጪ የለም።

የችግሩን ምንጭ ለመረዳት በኮምፒውተርና በሞኒተር መካከል ያለውን ግንኙነት ማወቅ ያስፈልጋል። በስክሪን ላይ የሚታይ ምስል በአግድምና በቁመት በተደረደሩ ነጥቦች የተሠራ ነው። 1024 በ768 ሲባል በአግድም 1024፣ በቁመት 768 ነጥቦች አሉ ማለት ነው። ምስሉ በሰከንድ ምን ያህል ጊዜ እንደሚታደስም በቁጥር ይወሰናል፤ በጠፍጣፋ ሞኒተሮች ዘንድ የተለመደው 60 ጊዜ ነው። ጌም ሲከፈት በራሱ ፋይል ውስጥ የተጻፉትን ቁጥሮች ያነብና ኮምፒውተሩ በዚያው ልክ ምስል እንዲልክ ያዛል። ሞኒተሩ የተላከለትን ማሳየት ካልቻለ ይጨልማል። ኮምፒውተሩ ግን ሥራውን ቀጥሏል፤ ጌሙም እየሄደ ነው፤ የሚያየው ሰው ብቻ የለም።

ቁጥሮቹ ከሞኒተሩ ጋር የማይስማሙባቸው ምክንያቶች ብዙ ናቸው። በትልቅ ሞኒተር ላይ የተስተካከለ ኮምፒውተር ወደ ሌላ ክፍል ተዛውሮ ከአሮጌ ሞኒተር ጋር ሊገናኝ ይችላል። ከሌላ ኮምፒውተር በፍላሽ የተገለበጠ ጌምም የዚያኛውን ኮምፒውተር ቁጥሮች ይዞ ሊመጣ ይችላል። በሥልጠና አዳራሾች ደግሞ ላፕቶፕ ከፕሮጀክተር ጋር ሲያያዝ ተመሳሳይ ነገር ይከሰታል። ባለ ወፍራም ጀርባውን የቀድሞ ሞኒተር በሚመለከት አንድ ጥንቃቄ አለ፤ ከአንዳንዶቹ አቅም በላይ የሆነ ምልክት ለረጅም ጊዜ ከተላከላቸው ጉዳት ሊደርስባቸው ስለሚችል፣ ምስሉ ሲዘበራረቅ ቶሎ ማጥፋት ይገባል።

ጌሞች ምስላቸውን የሚያሳዩባቸው ሁኔታዎች በጥቅሉ ሦስት ናቸው። በመጀመሪያው ጌሙ ሙሉ ስክሪኑን ይይዝና የነጥቦቹን ብዛት ራሱ ይወስናል፤ ጨለማው አብዛኛውን ጊዜ የሚመጣው ከዚህ ነው። በሁለተኛው ጌሙ እንደ ማንኛውም የቢሮ ፕሮግራም በመስኮት ውስጥ ሆኖ ይከፈታል፤ የሞኒተሩን አሠራርም አይነካም። ሦስተኛው ጠርዝ የሌለው መስኮት የሚባለው ሲሆን፣ ለዓይን ሙሉ ስክሪን ይመስላል፤ ነገር ግን ዴስክቶፑ በሚጠቀምበት ልክ ይሠራል። መፍትሔው እንግዲህ ጌሙን ከመጀመሪያው ሁኔታ አውጥቶ ወደ ሁለተኛው ወይም ወደ ሦስተኛው ማዛወር ነው።

አስቸጋሪው ነገር ይህ ማስተካከያ የሚገኘው በጌሙ ውስጥ መሆኑ ነው። ስክሪኑ ጨልሞ ሳለ ማስተካከያውን መፈለግ፣ ቁልፉን ቤት ውስጥ ትቶ በሩን እንደ ዘጋ ሰው መሆን ነው። ሌላ በር መፈለግ የሚያስፈልገውም ለዚህ ነው።

በቅድሚያ ግን ኮምፒውተሩ መሥራቱን ማረጋገጥ ይገባል። የጌሙ ድምፅ ከተሰማ ወይም የኪቦርዱ «ነም ሎክ» ቁልፍ ሲነካ መብራቱ ከበራና ከጠፋ ኮምፒውተሩ ደህና ነው። «ኦልት» እና «ኤፍ 4» የተባሉትን ቁልፎች አንድ ላይ በመጫን ብዙዎቹን ጌሞች መዝጋት ይቻላል። ዴስክቶፑ ከተመለሰ ሞኒተሩም ገመዱም ጤነኞች መሆናቸው ታወቀ ማለት ነው። ይህን ቀላል ምርመራ ሳያደርጉ ኮምፒውተርን አስጭኖ ወደ ሌላ ከተማ መላክ የመንግሥትን ገንዘብና ጊዜ ማባከን ነው።

ከውጭ ለማስተካከል ጥሩ ምሳሌ የሚሆነው «ታክስ ፔይንት» የተሰኘው የሕፃናት ሥዕል መሣያ ፕሮግራም ነው። በእርግጥ ጌም ከማለት ይልቅ የመማሪያ መጫወቻ ማለቱ ይቀላል። ፕሮግራሙ እ.ኤ.አ. በ2002 በአሜሪካዊው ቢል ኬንድሪክ የተጀመረ ሲሆን፣ በነፃ የሚታደልና ከሚሠራባቸው ቋንቋዎች መካከል አማርኛ የሚገኝበት ነው። ለአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ተስማሚ የሚያደርገውም ይኸው ነው። የፕሮግራሙ አዘጋጆች መምህሩ ወይም ወላጁ ማስተካከያ ሊያደርግ ሲፈልግ የሕፃናቱን መሣያ መክፈት እንደማይኖርበት አስቀድመው አስበውበታል። ስለሆነም «ታክስ ፔይንት ኮንፊግ» የሚባል የተለየ ፕሮግራም አዘጋጅተዋል።

ይህ ሁለተኛው ፕሮግራም ሲከፈት በተራ መስኮት ውስጥ የሚታዩ ምርጫዎችን ያቀርባል። ስለ ምስልና ድምፅ በሚናገረው ክፍል ውስጥ ሙሉ ስክሪን የሚለውን ምልክት ማንሳት፣ የመስኮቱንም መጠን ለምሳሌ 800 በ600 ወይም 1024 በ768 ብሎ መምረጥ ይቻላል። ሙሉ ስክሪን የግድ ካስፈለገም ሞኒተሩ አሁን በሚሠራበት ልክ እንዲሆን የማዘዝ ምርጫ አለው። ማስተካከያው ለአንድ ተጠቃሚ ብቻ ወይም በኮምፒውተሩ ለሚጠቀሙ ሁሉ እንዲሆን ይጠይቃል። ይህ ጥያቄ ቀላል መስሎ ቢታይም በትምህርት ቤት ኮምፒውተር ላይ ትርጉሙ ትልቅ ነው፤ መምህሩ በራሱ ስም ገብቶ ያስተካከለው በተማሪዎቹ ስም ሲገባ ላይሠራ ስለሚችል ነው።

ምርጫዎቹ በመጨረሻ የሚቀመጡት በአንድ ተራ የጽሑፍ ፋይል ውስጥ ነው። ፋይሉን በኖትፓድ ለሚከፍት ሰው እያንዳንዱ ምርጫ በአንድ መስመር ተጽፎ ይታየዋል። በላቲን ፊደል «ፉልስክሪን» ከሚለው ቃል ቀጥሎ የእኩል ምልክት፣ ከዚያም «የስ» ወይም «ኖ» ይከተላል። «የስ» የሚለውን አጥፍቶ «ኖ» ብሎ መጻፍና ፋይሉን ማስቀመጥ በቂ ነው።

ልኩ ባልተስማማ ሙሉ ስክሪን ሌላም ጉዳት አለው። 4 ለ3 በሆነ ልክ የተዘጋጀ ምስል ሰፊ በሆነ አዲስ ሞኒተር ላይ ሲለጠጥ ቅርጾች ይዛባሉ፤ ክብ የሣለ ሕፃን እንቁላል ይታየዋል። መምህሩም ስለ ክብ የሚያስረዳው በእንቁላል ላይ ይሆናል። በመስኮት የተከፈተ መሣያ ይህ ችግር የለበትም።

የራሳቸው ማስተካከያ ፕሮግራም የሌላቸው ጌሞች ደግሞ በመክፈቻ ምልክታቸው በኩል ይታዘዛሉ። ዴስክቶፕ ላይ ባለው የጌሙ አጭር መክፈቻ ላይ በማውዙ የቀኝ ቁልፍ ተጭኖ ባሕርያቱን የሚያሳየውን ገጽ ሲከፍቱ፣ የጌሙ ፋይል የሚገኝበት አድራሻ በአንድ መስመር ተጽፎ ይገኛል። በዚያ መስመር መጨረሻ፣ የጥቅስ ምልክት ካለም ከእርሱ ውጭ፣ አንድ ክፍት ቦታ ትቶ ትእዛዝ መጨመር ይቻላል። የሒሳብ ስሌት በሚያለማምደው «ታክስ ማዝ» ሁለት ሰረዞች አስቀድሞ «ዊንዶድ» ብሎ በላቲን ፊደል መጻፍ ጌሙ በመስኮት እንዲከፈት ያደርጋል። ፈረንሳዊው ብሩኖ ኩዱዋን እ.ኤ.አ. በ2000 በጀመረውና ስሙ በፈረንሳይኛ «ገባኝ» ከሚለው አባባል በወጣው «ጂኮምፕሪ» ግን ቃሉ «ዊንዶው» ነው። ሁለቱ ቃላት በጥቂት ፊደላት ቢለያዩም አንዱ በሌላው ቦታ አይሠራም። የየጌሙን መመሪያ ማየት የሚያስፈልገውም ለዚሁ ነው።

በገበያ ላይ ያሉት ትልልቅ ጌሞችም የሚሠሩት በዚሁ መንገድ ነው። በስቲም በኩል የሚገዙ ጌሞች ተጨማሪ ትእዛዝ የሚጻፍበት ሳጥን በባሕርያት ገጻቸው ውስጥ አለላቸው። በዩኒቲ የተሠሩ ጌሞች ምርጫቸውን በዊንዶውስ ሬጂስትሪ ውስጥ ሲያስቀምጡ፣ በአንሪል የተሠሩት ብዙዎቹ «ጌም ዩዘር ሴቲንግስ» በሚባል የጽሑፍ ፋይል ይጠቀማሉ። በዚህ ፋይል ውስጥ የስክሪኑ ሁኔታ በቁጥር ይገለጻል፤ 0 ሙሉ ስክሪን፣ 1 ጠርዝ የሌለው መስኮት፣ 2 ደግሞ ተራ መስኮት ነው። ፋይሉ የሚገኘው ዊንዶውስ ከተጠቃሚ ዓይን በሚሸሽገው ፎልደር ውስጥ በመሆኑ የተደበቁ ፋይሎች እንዲታዩ ማዘዝ ያስፈልጋል። ሬጂስትሪን መነካካት ግን ልምድ ለሌለው ሠራተኛ አይመከርም፤ በስህተት የተሰረዘ መስመር ዊንዶውስን ራሱን ሊያበላሽ ይችላል።

የጽሑፍ ፋይል ሲስተካከል ሁለት ነገሮች መዘንጋት የለባቸውም። የመጀመሪያው ፋይሉን ከመንካት በፊት ኮፒውን በሌላ ስም ማስቀመጥ ነው። ሁለተኛው ጌሙ ሙሉ በሙሉ መዘጋቱን ማረጋገጥ ነው። ብዙ ጌሞች ሲዘጉ በእጃቸው ያለውን ቁጥር መልሰው ፋይሉ ላይ ይጽፋሉ። ጌሙ ከጀርባ ክፍት ሆኖ ሳለ የተደረገ ማስተካከያ ጌሙ ሲዘጋ ይሻራል፤ «አስተካክዬው ነበር፣ እምቢ አለኝ» የሚለው አቤቱታ አንዱ መነሻ ይኸው ነው። ቁጥሩ የትኛው እንደሆነ ካልታወቀም ፋይሉን ከፎልደሩ አውጥቶ ሌላ ቦታ ማስቀመጥ ሌላ አማራጭ ነው። ብዙዎቹ ጌሞች ፋይሉን ሲያጡ አዲስ ፋይል ከፋብሪካው ቁጥሮች ጋር ይፈጥራሉ።

ለአሮጌ ጌሞች ዊንዶውስ ራሱ ያዘጋጀው መንገድ አለ። በዚያው በባሕርያት ገጽ ውስጥ ከቀድሞ ፕሮግራሞች ጋር ስለመጣጣም የሚናገር ክፍል ሲኖር፣ ጌሙ በ640 በ480 ብቻ እንዲከፈት ለማዘዝ ያስችላል። ምስሉ ደብዛዛ ቢሆንም አብዛኛው ሞኒተር ይህን መጠን ማሳየት ስለሚችል ጨለማው ይወገዳል።

ጌም በመንግሥት ቢሮ ምን ይሠራል የሚል ጥያቄ ሊነሳ ይችላል። በሥራ ሰዓት ካርታ መጫወት የሚደገፍ አይደለም። ይሁን እንጂ ለሕፃናት የተዘጋጁ የመማሪያ ጌሞች፣ የታይፕ መለማመጃዎችና የሥልጠና ፕሮግራሞች የሚሠሩት በዚሁ መልክ ነው። ንብረት እንዲወገድ የሚፈርም ኃላፊም ብልሽቱ የሚታየው ኮምፒውተሩ ሲበራ ነው ወይስ አንድ ፕሮግራም ሲከፈት ብቻ ብሎ መጠየቁ ብዙ ኮምፒውተሮችን ያድናል።

ጉዳዩ ለሰሜን ሸዋ አዲስ አይደለም። በ2000 ዓ.ም. አካባቢ «አንድ ላፕቶፕ ለአንድ ልጅ» በተሰኘው ዓለም አቀፍ ፕሮግራም በኢትዮጵያ በሺዎች የሚቆጠሩ ትንንሽ ላፕቶፖች ሲታደሉ፣ ከተመረጡት ቦታዎች አንዷ በዚሁ ዞን የምትገኘው ሬማ ነበረች። የእነዚያ ላፕቶፖች ስክሪን 1200 በ900 ነጥቦች ያሉት ሲሆን ሁለት ዓይነት አሠራር ነበረው። የጀርባ መብራቱ ሲጠፋ ስክሪኑ ወደ ጥቁርና ነጭ ተለውጦ በፀሐይ ብርሃን ይነበብ ነበር። ልጁ የከፈተውን መጫወቻ ሳይዘጋ፣ በቁልፍ ብቻ የስክሪኑን ሁኔታ ይለውጥ ነበር ማለት ነው።

ከጥቂት ዓመታት በኋላ ይኸው ድርጅት በኦሮሚያ ክልል በወንጪና በወለንጪቲ አካባቢ ትምህርት ቤት ላልገቡ ሕፃናት ታብሌቶች ሰጠ። የዴስክቶፑ ገጽታ እንዳይቀየር የሚከለክል ፕሮግራም ተጭኖባቸው ነበር። ሕፃናቱ ግን ክልከላውን አልፈው የየራሳቸውን ገጽታ ማበጀታቸውንና ተዘግቶ የነበረውን ካሜራ መክፈታቸውን የድርጅቱ ኃላፊዎች እ.ኤ.አ. በ2012 ገልጸዋል። አስተማሪ ያልነበራቸው ሕፃናት ይህን ካደረጉ፣ ዲፕሎማና ዲግሪ ያለው ሠራተኛ በኖትፓድ አንድ ቃል መቀየር የሚያቅተው አይሆንም።

የሞኒተሩን ትክክለኛ መጠን ለማወቅ መመሪያው ከጠፋ በዊንዶውስ የስክሪን ማስተካከያ ውስጥ የሚመከር ተብሎ ምልክት የተደረገበትን ቁጥር ማየት ይቻላል። በአራት ማዕዘን ባለ 17 ኢንች ጠፍጣፋ ሞኒተሮች ላይ ብዙውን ጊዜ 1280 በ1024፣ በባለ 15 ኢንቾቹ 1024 በ768፣ በብዙ ላፕቶፖች ደግሞ 1366 በ768 ይሆናል። ቁጥሩን በወረቀት ጽፎ በሞኒተሩ ጠርዝ ላይ መለጠፍ፣ ስክሪኑ በጨለመ ጊዜ በፋይሉ ውስጥ ምን እንደሚጻፍ ለማወቅ ይረዳል።