ሌሊት የሚናጥ ቅቤ

ስም አልጠራም፤ ሰፈርም አልናገርም። ብቻ ቅቤ ተራ ስለሠራሁ፣ የትኛው ከላም የትኛው ከጀሪካን እንደመጣ አይጠፋኝም።

ሁዳዴ ሲገባ ቅቤ ገዢ ያጣል። ፋሲካ ሲቃረብ ዋጋው ይሰቀላል፤ ቅልቅሉም የሚጧጧፈው ያን ሰሞን ነው። የማውቃት ሴትዮ ባሏ ታክሲ ይነዳ ነበር፤ ወገቡን ታሞ ተኛ። የቤት ኪራይ ተጠራቀመ። ጉሊት ሽንኩርት ቸርችራ አላዋጣትም። አንድ ነጋዴ መጣና «እትዬ፣ ዕቃውን እኔ አቀርባለሁ፤ ከእርስዎ የሚጠበቀው ጉልበት ብቻ ነው» አላት።

ልጆቹ ሲተኙ ሥራ ይጀመራል። የረጋው ፓልም ዘይት ሞቅ ተደርጎ ሳፋ ላይ ይገለበጣል። ሙዝ ተልጦ በእጅ ይለወስበታል (ሙዝ ሻጩ ከመጠን በላይ የበሰለውን ለይቶ ያስቀምጥላታል፤ ለምን ብሎ ጠይቋት አያውቅም)። ከዚያ እውነተኛ ቅቤ ይጨመራል፣ እሱም በሳሉ። ለጋ ሽታው ደካማ ስለሆነ ለዚህ ሥራ አይሆንም፤ በሳል ግን የዘይቱን ሽታ ውጦ ያስቀረዋል። በኮባ ተጠቅልሎ ያድራል፤ የአዲስ አበባ የሌሊት ብርድ ያረጋዋል።

ገዢ ጣቱን ሰክቶ ያሸታል፣ እጁ ላይ ያሻል፣ «የሸኖ ነው?» ይላል። ነው እንላለን፤ ሌላ ምን እንላለን? የሚያጋልጠው ድስት ነው፦ ሲነጠር ሙዙ ከሥር ይይዝና ያርራል። ያኔ ገዢው ቤቱ ነው፤ እኛም ሌላ ደንበኛ ይዘናል።

ትርፉ የት ይሄዳል? ለእሷ የሚደርሳት ከኪራይና ከዳቦ አያልፍም። ዘይቱም ሳፋውም የነጋዴው ዱቤ ነው። የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112/2011 ምግብን ከባዕድ ነገር መቀላቀልን ይከለክላል፤ ተቆጣጣሪ ቤቷ ቢገባ የሚያገኘው ግን ሳፋውን፣ የሙዙን ልጣጭና እሷን ነው። ነጋዴው ደረሰኝ ቆርጦላት አያውቅም።

ንጹሕ ናት አልልም። ያ ቅቤ የሰው አራስ ገንፎ ላይ ይፈስሳል። የራሷ ልጅ ስትወልድ ቅቤው የመጣው ከሰላሌ፣ ከዘመድ ቤት ነበር።

ዘንድሮ ልትተወው አስባ ነበር። ነጋዴው ደብተሩን ገልጦ ቀሪ ዕዳዋን አሳያት፤ ለፋሲካ ሁለት ጀሪካን ተቀበለች።