ወር በዓርብ የማይብትበት አገር

ምድር ፀሐይን ዞራ የወቅቶችን ዑደት ለመፈጸም 365 ቀናት ከ5 ሰዓት ከ48 ደቂቃ ከ46 ሰከንድ ያህል ይፈጅባታል። ይህ ቁጥር ለቆጣሪ አይመችም። ለ12 እኩል አይካፈልም፤ ለ7ም አይካፈልም፤ በሙሉ ቀንም አያልቅም። ከጥንት ግብፃውያን ጀምሮ የፀሐይን ዓመት ተከትለው የተቀመሩ የዘመን አቆጣጠሮች ሁሉ «ትርፉን የት እናድርገው?» ለሚለው ጥያቄ የተሰጡ መልሶች ናቸው። በዚህ ጽሑፍ የምንመረምረው መልስ ግን ጨርሶ በሌለ አገር፣ በልቦለድ ዓለም ውስጥ የተሰጠ ነው።

የመልሱ ባለቤት በኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ የጥንታዊ እንግሊዝኛ ፕሮፌሰር የነበረው ጄ. አር. አር. ቶልኪን ነው። «የቀለበቶቹ ጌታ» የተሰኘው ባለ ሦስት ቅጽ ልቦለዱ እ.ኤ.አ. በ1954 እና በ1955 ታተመ። በመጨረሻው ቅጽ ላይ ካያያዛቸው ተቀጽላዎች አንዱ ስለ ዘመን አቆጣጠር ብቻ የሚናገር ነው። ብዙ አንባቢ ገልብጦት የሚያልፈው ይህ ክፍል በእኛ አስተያየት ለሒሳብ ወዳጅ ከመጽሐፉ ጦርነቶች ሁሉ ይጥማል። ደራሲው በዚህ ጉዳይ ቀልድ አያውቅም ነበር። እ.ኤ.አ. በ1944 ለልጁ በጻፈው ደብዳቤ፣ በድርሰቱ ውስጥ ጨረቃ በአንድ ጊዜ በአንድ ሥፍራ ስትወጣ በሌላው ስትጠልቅ አግኝቷት ያለፉትን ምዕራፎች ለማረም ከሰዓት በኋላውን ሙሉ እንደፈጀ ይናገራል።

በዚያ ዓለም ሻየር በተባለው አገር ሆቢት የሚባሉ ቁመተ አጭር ገበሬዎች ይኖራሉ። ዓመታቸው 12 ወራት አሉት፤ እያንዳንዱ ወር 30 ቀን ነው፤ የቀሩት 5 ቀናት፣ በአራት ዓመት አንዴ ደግሞ 6 ቀናት፣ ከየትኛውም ወር ውጭ ይቆማሉ። ኢትዮጵያዊ አንባቢ እዚህ ላይ ፈገግ ሳይል አይቀርም። ጳጉሜን ናትና! ልዩነቱ የእኛዋ ጳጉሜን በዓመቱ መጨረሻ ተሰብስባ ስትቀመጥ የሆቢቶቹ ተከፋፍላ መቀመጧ ነው። ሁለቱ ቀናት ዩል ተብለው አንዱ ዓመቱን ይከፍታል፣ ሌላው ይዘጋል። ሦስቱ በበጋው እኩሌታ፣ በስድስተኛውና በሰባተኛው ወር መካከል ይውላሉ፤ የመካከለኛው ስም «የዓመቱ አጋማሽ ቀን» ነው። ስድስተኛዋ ቀን ስትመጣም ከእርሱ ቀጥላ ትገባለች።

እስከዚህ ድረስ አዲስ ነገር የለም። ችግሩ የሚጀምረው ከሳምንት ጋር ነው። 365 ቀናት 52 ሳምንታትና አንድ ትርፍ ቀን ናቸው። ስለዚህ አንድ ዕለት በየዓመቱ በአንድ ቀን፣ ተጨማሪ ቀን ሲገባ ደግሞ በሁለት ቀን ይዘላል። የባሕረ ሐሳብ ሊቃውንት ይህን ዝላይ ለመከተል ስሌት አበጅተዋል። ለምሳሌ 2000 ዓ.ም. በምን ዕለት እንደባተ ለማወቅ 5500 እና 2000 ደምረን 7500 ዓመተ ዓለም እናገኛለን። ለ4 ስናካፍለው መጠነ ራብዒቱ 1875 ይሆናል። ሁለቱ ሲደመሩ 9375 ነው፤ ይህም ለ7 ሲካፈል 2 ይተርፋል። 1 ሲተርፍ ማክሰኞ፣ 2 ሲተርፍ ረቡዕ ነውና ዓመቱ የባተው ረቡዕ ነበር።

ሆቢቶቹ ግን ስሌቱን ከመማር ይልቅ ዝላዩን አጠፉት። የዓመቱን አጋማሽ ቀንና ስድስተኛዋን ቀን የሳምንት ስም ነፈጓቸው፤ ሰኞም እሑድም አይደሉም። ውጤቱን እንቁጠረው። መክፈቻው ዩል 1 ቀን፣ ስድስት ወራት 180 ቀናት፣ ከአጋማሹ በፊት ያለው 1 ቀን፣ በድምሩ 182 ይሆናሉ። ይህም ልክ 26 ሳምንት ነው። ከአጋማሹ በኋላ ያለውም እንዲሁ 182 ነው። ዓመቱ ዘወትር ቅዳሜ ተከፍቶ ዓርብ ይዘጋል፤ ማንኛውም ቀን ለዘለዓለም አንድ ዕለት ይኖረዋል። የመጀመሪያው ወር እሑድ ይብታል፤ ተከታዮቹ በሁለት በሁለት ቀን እየዘለሉ ማክሰኞ፣ ሐሙስ፣ ቅዳሜ፣ ሰኞ፣ ረቡዕ ይብታሉ፤ ሰባተኛው እንደገና እሑድ። ዓርብ የሚብት ወር የለም። በሻየር «ዓርብ፣ ወር በገባ በአንድ» ማለት ከቶ የማይሆን ነገር ነው፤ ሆቢቶቹም ይቀልዱበታል።

ይህን ያህል የሚያምር ነገር እኛ ለምን አንጠቀምበትም? ሐሳቡ በእውነተኛው ዓለምም ተሞክሯል። እ.ኤ.አ. በ1930 ኤሊዛቤት አኬሊስ የተባለች አሜሪካዊት ከዚህ ጋር የሚመሳሰል፣ ስመ ዕለት የሌላቸው ቀናት ያሉበት «የዓለም ካላንደር» እንዲጸድቅ የሚሠራ ማኅበር አቋቋመች። ጉዳዩ እ.ኤ.አ. በ1931 በጄኔቫ የመንግሥታቱ ማኅበር መከረበት፤ በ1950ዎቹም በሕንድ አቅራቢነት ለተባበሩት መንግሥታት ቀረበ። አሜሪካ እ.ኤ.አ. በ1955 ተቃወመች፤ በ1956 ውይይቱ ያለ ቀጠሮ ተዘጋ። የዋናው ተቃውሞ ምክንያት ሃይማኖት ነበር። አንድ ቀን ያለ ስም ሲያልፍ፣ ሰባት ሰባት እያለ ሳያቋርጥ ለሚቆጥር ሰው የታተመው ስም በአንድ ቀን ይዛነፍበታል። በመጀመሪያው ዓመት የሙስሊሙ ጁምዓ በካላንደሩ ሐሙስ፣ የአይሁዱ ሰንበት ዓርብ ይሆናሉ፤ በሚቀጥለው ዓመት ደግሞ አንድ ቀን ወደ ኋላ ይሸሻሉ። ረቡዕንና ዓርብን የሚጾም የአገራችን ምእመንም ጾሙን በየትኛው ስም እንደሚይዝ ይቸገር ነበር። ዓመት የፀሐይ፣ ቀን የምድር ሽክርክሪት ነው፤ ሳምንት ግን የሰው ቃል ኪዳን ነውና ለሒሳብ ምቾት ብሎ አይሰበርም። በሻየር ቤተ ክርስቲያንም መስጊድም ምኵራብም የለም። ሆቢቶቹ የዕለታቱን ስም የጥንት ትርጉም ሳይቀር ረስተውታል፤ ለዚህም ነው ተሐድሶው ያለ ሁከት ያለፈው።

የቀረችን የ5 ሰዓት ከ48 ደቂቃዋ ትርፍ ናት። በኢትዮጵያ አቆጣጠር በየአራት ዓመቱ፣ በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ፣ ጳጉሜን ያለማቋረጥ 6 ትሆናለች። ስለዚህ አማካይ ዓመታችን ከፀሐይ ዓመት በ11 ደቂቃ ከ14 ሰከንድ ይረዝማል፤ በ128 ዓመት ገደማ አንድ ቀን ይሞላል። የሆቢቶቹ አቆጣጠር የመጣው ኑሜኖር ከተባለችው የባሕር መካከል መንግሥት ነው። በዚያ በየመቶው ዓመት መጨረሻ ተጨማሪው ቀን ይቀራል፤ በየሺሁ ዓመት መጨረሻ ደግሞ ሁለት ቀናት ይጨመራሉ። 240 እና 2 ሲደመሩ 242 ተጨማሪ ቀናት መሆናቸው ነው። የፀሐይ ትርፍ በሺህ ዓመት 242 ቀን ከ4 ሰዓት ከ46 ደቂቃ ከ40 ሰከንድ ስለሚደርስ ጉድለቱ ይህችው የሰዓታት ሽርፍራፊ ብቻ ናት። ቶልኪን ቁጥሯን እስከ ሰከንዱ ጽፏታል፤ እኛም ደግመን አስልተን ልክ ሆና አግኝተናታል።

ይሁንና ኑሜኖር ሰጠመች። ከጥፋቱ የተረፉት አዲስ ዘመን መቁጠር ሲጀምሩ የሺህ ዓመቱ ማስተካከያ 441 ዓመታት ዘገየ። ማርዲል የተባለው እንደራሴ ስሕተቱን ለማቃለል፣ ከመጀመሪያው ሲቆጠር 5500 በሆነው ዓመት ሁለት ቀናት አስጨመረ (ቁጥሩ ለባሕረ ሐሳብ አንባቢ የሚታወቅ ቢሆንም ነገሩ ግጥምጥሞሽ ነው)። ከእርሱ በኋላ ሌላ እንደራሴ አንድ ቀን አከለ። በሦስተኛው ዘመን 3000ኛው ዓመት እንደገና የማስተካከያ ጊዜ ደረሰ፤ ነገር ግን ጦርነት እያንዣበበ ስለነበር ጉዳዩን ያስታወሰው አልነበረም።