ዳቦና ወርቅ በአንድ ሚዛን

ጉንደ ወይን ከተማ ውስጥ አንዲት እናት ከራፖር ጸሐፊው ፊት ተቀምጣ የነጠላዋን ጫፍ ታፍተለትላለች። ልጇ ከወፍጮ ቤት አንድ ስልቻ ዱቄት ይዞ ሲወጣ ተይዟል። ጸሐፊው ስሙን፣ ቀኑን፣ የጠፋውን ዕቃ ጻፉ። «ልጄ ሌባ ሆኖ አይደለም ጋሼ፤ ቤት ውስጥ የሚላስ የሚቀመስ ጠፍቶ ነው» ስትል እስክሪብቷቸው ቆመ። ይህን ቃል ለዓመታት እንደ ለቅሶ ሰምተው አልፈውታል።

ልማዳቸውን ያስጣላቸው ድምፅ አልባ አጭር ፊልም ነው።

ኤድዊን ፖርተር በ1905 እ.ኤ.አ. ለኤዲሰን ኩባንያ የሠራው «ዘ ክሌፕቶማኒያክ» የሁለት ሴቶች ታሪክ ነው። ባለጸጋዋ ኒው ዮርክ ካለ ትልቅ መደብር ዕቃ ስትሰርቅ ትያዛለች። ድሃዋ ልጆቿ ተርበውባት አንድ ዳቦ ትሰርቃለች። ሁለቱም ችሎት ይቀርባሉ፤ ባለጸጋዋ ወደ ቤቷ፣ ድሃዋ ወደ እስር ቤት። የፊልሙ ርእስ ትርጉም «የመስረቅ አባዜ ያለባት» ማለት ነው፤ የባለጸጋዋ ስርቆት የበሽታ ስም አግኝቷል፣ የእናቲቱ ግን ወንጀል ብቻ ሆኖ ቀርቷል። በመጨረሻ ፍትሕ በሴት አምሳል ሚዛን ይዛ ትታያለች። በአንዱ ወገን ወርቅ፣ በሌላው ዳቦ፤ የሚደፋው ወርቁ ነው። የዓይኗ መሸፈኛም አንዱን ዓይን አይጋርድም።

በአገራችንም ሌባሻይ የሚባለው ሌባ የማፈላለጊያ ልማድ በነበረበት ዘመን፣ መድኃኒት ጠጥቶ የሚመራው ልጅ የወደቀበት ቤት ባለቤት ይከፍል ነበር። ማን ሰረቀ እንጂ ለምን ሰረቀ ብሎ የሚጠይቅ አልነበረም።

የ1996ቱ የወንጀል ሕግ ግን ይጠይቃል። አንቀጽ 665 ስርቆትን በቀላል እስራት ወይም እስከ 5 ዓመት በሚደርስ ጽኑ እስራት ይቀጣል። አንቀጽ 82 ደግሞ ከባድ ችግርን፣ የቀድሞ መልካም ጠባይንና ጸጸትን ከቅጣት ማቅለያዎች ይቆጥራቸዋል። የሁሉንም በሕግ ፊት እኩልነት አንቀጽ 4 ደንግጓል። ዳኛው ግን ያልተነገረውን ከየት ያመጣዋል? እዚህ ላይ ጥፋቱ የጸሐፊዎችም ነው።

ጸሐፊው ወረቀቱን ቀደው በአዲስ ጀመሩ። ቤተሰቡ ስንት ነው? ዱቄቱ ተመልሷል? ልጁ ከዚህ በፊት ተከሶ ያውቃል? ሦስቱንም ከነመልሳቸው አሰፈሩ፤ ይመሰክራሉ የተባሉ ጎረቤቶችንም ስም አከሉ።

ራፖር ልታስጽፉ ስትመጡ የቤታችሁን ችግር በኀፍረት አትደብቁ፤ ተናገሩ፣ ካልተጻፈም አስጽፉት።