ጣቢያ ቦታውን የሚመርጠው እንዴት ነው?

ከብቸና ወይም ከሞጣ ወደ አዲስ አበባ የሚጓዝ ሰው ደጀን ሲደርስ ዓባይ በረሃ ይጠብቀዋል። አውቶቡሱ ከአንድ ሺህ ሜትር በላይ ቁልቁል ወርዶ ድልድዩን ይሻገርና ያንኑ ያህል ዳገት ወጥቶ ጎሃ ጽዮን ይደርሳል። ቁልቁለቱም ዳገቱም በ40 ኪሎ ሜትር ገደማ ያልቃሉ። ባቡር ይህን ማድረግ አይችልም። የባቡር ጣቢያዎች ለምን አንዱ ቦታ ተሠርተው ሌላው ቦታ እንደቀሩ ለመረዳት መነሻው ይኸው ነው።

የብረት ጎማ በብረት ሐዲድ ላይ ሲሄድ የሚገጥመው ሰበቃ እጅግ ትንሽ ነው። ሎኮሞቲቭ፣ ማለትም ፉርጎዎቹን የሚጎትተው ሞተር፣ በሜዳ ላይ ከባድ ጭነት በጥቂት ኃይል የሚስበው ለዚህ ነው። ዳገት ላይ ግን ያው ጥቅም ጉዳት ይሆናል፤ ጎማው ሐዲዱን መቆንጠጥ ያቅተውና ይንሸራተታል። ስለዚህ መሐንዲሶች በአንድ ኪሎ ሜትር ከ25 ሜትር ገደማ በላይ ከፍ የሚል መስመር በተቻለ መጠን ይሸሻሉ። በዚህ ስሌት ከደጀን እስከ ወንዙ ለመውረድ ብቻ ከ40 ኪሎ ሜትር በላይ ሐዲድ በገደሉ ወገብ ላይ ማጠማዘዝ ያስፈልጋል።

ይህ ሕግ በአገራችን አንድ ትልቅ ከተማ ፈጥሯል። ዳግማዊ ምኒልክ በ1886 ዓ.ም ለስዊሱ መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ የባቡር መንገድ ፈቃድ ሲሰጡ፣ በምሥራቅ ዋናዋ የንግድ ከተማ ሐረር ነበረች። ሥራው በ1890 ዓ.ም ከጅቡቲ ተጀመረ። ሐረር ግን ተራራ ላይ ናት፤ ወደዚያ መውጣት ገንዘብም ጊዜም የሚበላ ሆነ። ሐዲዱ ከተራራው ግርጌ በሜዳው አለፈ፤ በ1895 ዓ.ም ጣቢያው የተመረቀበት ያ ሜዳ ድሬዳዋ ሆነ። ከዚያ በኋላ መስመሩን የሚሠራው ኩባንያ ከሰረ፤ እንግሊዝ፣ ፈረንሳይና ጣሊያንም በመስመሩ ላይ ተፎካከሩ። ሥራውን ሌላ ኩባንያ ተረክቦ አዲስ አበባ የደረሰው በ1909 ዓ.ም ነው። ከጅቡቲ እስከ ዋና ከተማዋ መስመሩ 784 ኪሎ ሜትር ነበር።

በመካከል ያሉት ትንንሽ ጣቢያዎች ደግሞ ሌላ ምክንያት ነበራቸው። የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ውሃ እያፈላ ስለሚሄድ በየተወሰነ ርቀት ቆሞ መቅዳት ነበረበት። በተጨማሪም ሐዲዱ ነጠላ ነበር፤ ከተቃራኒ አቅጣጫ የሚመጡ ሁለት ባቡሮች የሚተላለፉት ተጨማሪ ሐዲድ ባለበት ቦታ ብቻ ነው፤ አንዱ ገብቶ ይቆማል፣ ሌላው ያልፋል። ባቡር በግድ የሚቆምበት ቦታ ሻጭና ገዢ ይሰበሰብበታል። ሠራተኛ ይሰፍራል፣ ሻይ ቤት ይከፈታል፣ ገበያው ይጸናል። አዋሽ ሰባት ኪሎን የመሰለ ከተማ ያደገው በዚህ መንገድ ነው። በ1940ዎቹ የናፍጣ ሎኮሞቲቮች ሲመጡ የውሃው ምክንያት ቀረ፤ የመተላለፉ ግን ቀጠለ።

አሁን ወደ ሕንፃው። ማንኛውም ትልቅ ጣቢያ ሁለት ፊት አለው፤ አንዱ ወደ ከተማው፣ ሌላው ወደ ሐዲዱ። በአውሮፓ ሁለቱም ይገነኑ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1868 በተከፈተው የለንደኑ ሴንት ፓንክራስ ጣቢያ፣ በሐዲዱ በኩል 70 ሜትር ያህል ስፋት ያለው የብረት ጣሪያ ያለ መካከለኛ ምሰሶ ተዘርግቷል። የእንፋሎት ጭስ ወደ ላይ እንዲወጣና ብዙ ባቡር ጎን ለጎን እንዲቆም ከፍታና ስፋት ያስፈልግ ነበር። አዲስ አበባ የሚገባው ባቡር ጥቂት ስለነበር ኅዳር 24 ቀን 1922 ዓ.ም የተመረቀው የለገሃር ጣቢያ እንዲህ ያለ ጣሪያ አላስፈለገውም። ክብሩን ያሳየው በከተማው በኩል ባለው ፊቱ ነው። ሰፊና ሚዛኑን የጠበቀ ባለ ፎቅ ሕንፃ ከቸርችል ጎዳና ግርጌ ቆሞ ወደ ላይ ያያል። ብዙም ሳይቆይ በአቅራቢያው የቀራፂው የጆርጅ ጋርዴ ሥራ የሆነው የይሁዳ አንበሳ ሐውልት ተተከለ። ፋሺስት ጣሊያን ሐውልቱን ወደ ሮም ወስዶት በ1950ዎቹ ተመልሷል። ወደ ዋና ከተማዋ በባቡር የሚገባ እንግዳ በመጀመሪያ የሚያየው በር ይህ ጣቢያ ስለነበር ግርማ መስጠት የሥራው አካል ነበር።

መስከረም 2009 ዓ.ም የተመረቀው አዲሱ የአዲስ አበባ–ጅቡቲ የኤሌክትሪክ ባቡር ሌላ ስሌት አመጣ። ሐዲዱ ሰፊ፣ ፍጥነቱ ከፍተኛ ስለሆነ የመታጠፊያው ቅስት መርዘም አለበት፤ በተገነባ ከተማ መሐል ይህን ያህል መሬት አይገኝም። ደግሞም ዋና ሥራው ከወደብ ዕቃ ማመላለስ ስለሆነ ለኮንቴይነር ሰፊ ሜዳ ይፈልጋል። ስለዚህ የአዲስ አበባው ጣቢያ ከለገሃር ርቆ ወደ ለቡ ወጣ፤ የድሬዳዋውም እንዲሁ ከመሐል ከተማው ውጭ ተሠራ። ለጭነቱ ትክክለኛ ምርጫ ነው። ለተሳፋሪው ግን ሻንጣ ተሸክሞ ታክሲ ፍለጋ ሁለተኛ ጉዞ ጨምሮበታል፤ በእኔ ግምገማ ይህ ወጪ ከመጀመሪያው ከግንባታው ሒሳብ ጋር ሊታይ ይገባ ነበር።

ብቸናና ሞጣ ላሉበት ለጎጃምም ቢሆን ዕቅድ ነበር። በአገር አቀፉ የባቡር ዕቅድ ከፍኖተ ሰላም ተነሥቶ በባሕር ዳርና ወረታ አድርጎ ወደ ወልድያና ወደ ጅቡቲ አቅጣጫ የሚያመራ መስመር ተካቶ ነበር። ይህ መስመር ወደ ወደቡ የሚሄደው በምሥራቅ በኩል ስለሆነ ደጀን ላይ ዓባይ በረሃን መሻገር አያስፈልገውም፤ በምትኩ ከወረታ በኋላ የጋይንትን ከፍታና ወደ ወልድያ የሚያወርደውን ገደል ይጋፈጣል። በ2007 ዓ.ም የተጀመረው የአዋሽ–ኮምቦልቻ–ሐራ ገበያ መስመር ከዚህ ጋር እንዲገናኝ የታቀደው ወልድያ አካባቢ ነው። በዕቅዱ መሠረት ቢሠራ ኖሮ ለሞጣ ሰው የሚቀርበው ጣቢያ ባሕር ዳር ይሆን ነበር።