በመርከብ የሚጓዘው የአጥቢያ ኮከብ

እንግሊዛዊው ደራሲና የቋንቋ ሊቅ ጄ. አር. አር. ቶልኪን «መካከለኛው ምድር» ብሎ በሰየመው የፈጠራ ዓለም ሰማይ ላይ ከኤያሬንዲል የሚደምቅ ኮከብ የለም። ኮከቡ ግን በሥነ ፈለክ እንደሚታወቁት ከዋክብት የሚነድ የጋዝ ክምችት አይደለም፤ ኤያሬንዲል የተባለ መርከበኛ በግንባሩ አስሮት፣ ቪንጊሎት በምትባል መርከቡ ሰማዩን የሚያስስበት ዕንቁ ነው። መርከበኛው ከጉዞው ሲመለስ ከምድር የሚታየው ብዙውን ጊዜ ጎህ ሲቀድ ወይም ጀምበር ስትጠልቅ ነው። ይህ ደግሞ የቬነስ ጠባይ ነው። ይህች ፈለክ ከምድር ስትታይ ከፀሐይ ከ47 ዲግሪ ገደማ በላይ ስለማትርቅ፣ ወይ ከንጋት በፊት በምሥራቅ፣ ወይ ከምሽት በኋላ በምዕራብ እንጂ እኩለ ሌሊት ላይ ከሰማይ መካከል አትገኝም። የደራሲው ብልሃት ያለውም እዚህ ላይ ይመስላል፤ ማንም ሰው ቀና ብሎ ሊያየው ለሚችለው እውነተኛ ነገር ታሪክ ሰጠው እንጂ አዲስ ሰማይ አልፈጠረም።

የኮከቡ ሐሳብ ከዓለሙ በፊት የተጸነሰ ነው። እ.ኤ.አ. በመስከረም 1914፣ አንደኛው የዓለም ጦርነት ገና በጀመረበት ሰሞን፣ የ22 ዓመቱ የኦክስፎርድ ተማሪ ቶልኪን በኖቲንግሃምሻየር በሚገኘው የአክስቱ እርሻ ሳለ ስለ አንድ በሰማይ የሚጓዝ መርከበኛ ግጥም ጻፈ። መነሻ የሆነው በ10ኛው ክፍለ ዘመን የተገለበጠውና በኤክሰተር ካቴድራል የሚጠበቀው ጥንታዊ የብራና መጽሐፍ ነው፤ በውስጡ ካሉት መንፈሳዊ ግጥሞች አንዱ፣ ከልደት በዓል በፊት ባለው ወቅት ክርስቶስን የሚጠራ ምስጋና፣ «ኤያሬንደል» የሚባል ከመላእክት የደመቀ ብርሃንን ያነሳል። ቶልኪን ይህ ስም ንጋትን የሚያበሥር ኮከብ፣ ማለትም ቬነስ፣ እንደሆነ አምኖ ነበር። የዓለሙ መጻሕፍት ግን የመጡት ኋላ ነው፤ «ሆቢት» የታተመው በ1937፣ «የቀለበቶቹ ጌታ» በ1954 እና 1955፣ የኮከቡን ታሪክ ከሥሩ የሚተርከው «ሲልማሪሊዮን» ደግሞ ደራሲው ካረፈ ከአራት ዓመት በኋላ በ1977 በልጁ በክሪስቶፈር አዘጋጅነት ነው። («ኤያሬንደል» የሚለው ጥንታዊ ስም በ2022 በሃብል ቴሌስኮፕ ለተገኘ፣ ብርሃኑ እስከ እኛ ለመድረስ 12.9 ቢሊዮን ዓመት ለፈጀበት የሰማይ አካል ተሰጥቷል፤ ያን ያህል ርቆ ሊታይ የቻለውም በመካከል ያለ የጋላክሲዎች ስብስብ በስበቱ ብርሃኑን አጥፎ ስላጎላው ነው።)

በትረካው መሠረት ከፀሐይና ከጨረቃ በፊት ዓለምን ያበሩ የነበሩት በቫሊኖር፣ ከምዕራቡ ባሕር ማዶ በምትገኘው የኃያላን መናፍስት ሀገር፣ የበቀሉ ሁለት ዛፎች ነበሩ፤ አንዱ የብር፣ ሌላው የወርቅ ብርሃን ያፈስሱ ነበር። ኤልፍ ከሚባሉት የማይሞቱ ሕዝቦች ወገን የሆነው ባለ እጁ ፌያኖር ይህን ብርሃን ሲልማሪል በተባሉ ሦስት ዕንቁዎች ውስጥ አኖረው። ክፉው ሞርጎት ግን ኡንጎሊያንት ከምትባል ግዙፍ ሸረሪት ጋር መጥቶ ዛፎቹን አወደመ፤ እሷ ብርሃናቸውን መጥጣ አደረቀችው፣ እሱም ዕንቁዎቹን ሰርቆ በብረት ዘውዱ ላይ ሰካቸው። ፀሐይና ጨረቃ ከሚሞቱት ዛፎች የመጨረሻ ፍሬና አበባ የተሠሩ በመሆናቸው፣ ያልተበከለው የመጀመሪያው ብርሃን ከዚያ ወዲህ በሦስቱ ዕንቁዎች ብቻ ቀረ። ፌያኖርና ሰባት ልጆቹ ዕንቁዎቹን ለማስመለስ የማሉት መሐላ የገዛ ወገናቸውን እስከመፍጀት አደረሳቸው። ከሦስቱ አንዱን ቤረን የተባለ ሰውና ሉቲየን የተባለች የኤልፍ ልዕልት ከዘውዱ አውጥተው ለዘራቸው አወረሱ፤ ዕንቁውም የልጅ ልጃቸው የኤልዊንግ ሆነ።

ኤያሬንዲል የኤልዊንግ ባል ነው፤ አባቱ ሰው፣ እናቱ ኤልፍ ነበሩ። የፌያኖር ልጆች መንደሯን ሲያጠቁ ኤልዊንግ ዕንቁውን ይዛ ወደ ባሕር ተወረወረች፣ በወፍ አምሳልም በርራ ባሏ መርከብ ላይ ደረሰች። ሁለቱ ዕንቁው እየመራቸው ለሟች ወደተከለከለችው ቫሊኖር ተሻገሩ፤ ኤያሬንዲልም ኃያላኑን ስለ ሁለቱም ወገኖቹ ምሕረትና እርዳታ ለመነ። ልመናው ተሰማለት፣ ሞርጎትም በጦርነት ተሸነፈ። ለማኙ ግን ወደ መካከለኛው ምድር ዳግም እንዳይረግጥ ተፈረደበት። ከሰው ወይም ከኤልፍ ዕጣ አንዱን እንዲመርጥ በተጠየቀ ጊዜ ዓለም ሰልችቶት ስለነበር ምርጫውን ለሚስቱ ተወ፤ እሷ የኤልፎችን መረጠች፣ እሱም ልቡ ወደ ሰዎቹ እያዘነበለ ተከተላት። መርከቡ ወደ ሰማይ ከፍ ስትል በምድር ያሉ ጭቁኖች ያላወቁትን ብርሃን በምዕራብ አይተው የተስፋ ምልክት አድርገው ወሰዱት።

ከብዙ ሺህ ዓመታት በኋላ ጋላድሪኤል የተባለችው የኤልፎች እመቤት የዚህን ኮከብ ብርሃን በምንጯ ውሃ ይዛ በትንሽ ብልቃጥ የ«የቀለበቶቹ ጌታ» ባለታሪክ ለሆነው ለፍሮዶ ትሰጠዋለች። ፍሮዶና አሽከሩ ሳም ወደ ዘመኑ ጠላት ምድር በሚያስገባው ዋሻ ሼሎብ ከምትባለው ሸረሪት ጋር ሲጋጠሙ ብልቃጡ በሳም እጅ ይነድና ብርሃኑ የሸረሪቷን ዓይኖች ይወጋል፤ እሷም ተጎትታ ትሸሻለች። ሼሎብ የኡንጎሊያንት ልጅ ናት፤ እናት መጥጣ ካጠፋችው ብርሃን የተረፈው ልጅን አሳደደ ማለት ነው። ቶልኪን ይህን ዝምድና አጉልቶ አይነግርም፤ ሳም ብቻ ከዚያ ቀደም ሲል ወደ ዋሻው በሚያወጣው ደረጃ ላይ አረፍ እንዳሉ፣ ብልቃጡ ውስጥ ያለው የዚያው የጥንቱ ዕንቁ ብርሃን ከሆነ እነሱም ያንኑ ተረት እየኖሩ እንደሆነ ለፍሮዶ ያነሳለታል።

የኤያሬንዲል ልጆች ታሪክ ግን ከዚህ ይልቅ ወደ ምድር የቀረበ ነው። ከመንትዮቹ ልጆቹ ኤልሮስ ሟች መሆንን መርጦ የደሴቲቱ የኑሜኖር የመጀመሪያ ንጉሥ ሲሆን፣ ኤልሮንድ ከኤልፎች ጋር ተቆጥሮ ከ6 ሺህ ዓመት በላይ በምድር ቆይቷል። በሪቬንዴል አዳራሹ ውስጥ የ«ሆቢት» ባለታሪክ የነበረው ሽማግሌው ቢልቦ ስለ ኤያሬንዲል የገጠመውን ረጅም ዜማ ያሰማል፤ ስለ ኤልሮንድ አባት በራሱ በኤልሮንድ ቤት መዝፈን ድፍረት እንደሆነ ግጥሙን ሲያበጅ የረዳው፣ ኋላ የሚነግሠው አራጎርን ቀድሞ አስጠንቅቆት ነበር። አራጎርን በግጥሙ ውስጥ እንዲገባ አጥብቆ የጠየቀው አንድ አረንጓዴ ድንጋይ ብቻ ነው፤ ቢልቦ ምክንያቱን ሳያውቅ አስገባለት። ጥቂት ወራት አልፈው ጋላድሪኤል ለአራጎርን አረንጓዴ ድንጋይ ትሰጠዋለች፤ ሲነግሥም ስሙን ከዚያው ድንጋይ ይወስዳል።