የተቀቀለ እንቁላልና የያዮ ጫካ

ቡናው እስኪፈላ አንድ እንቁላል ይቀቅሉና ከነቅርፊቱ ለሁለት ይሰንጥቁት። መሀሉ አስኳል፣ ዙሪያው ነጩ፣ ከውጭ ቅርፊቱ። በእጅዎ የያዙት የያዮ ካርታ ነው።

ያዮ ከበደሌ ወደ መቱ ሲሄዱ መንገድ ላይ የሚያገኟት የኢሉባቦር ከተማ ናት። ትንሽ ናት፤ አውቶቡስ ውስጥ እንቅልፍ ከወሰደዎ ሳያዩዋት ያልፋሉ። በዙሪያዋ ያለው ጫካ ግን ቡና ማንም ሳይተክለው በትልልቅ ዛፎች ጥላ ሥር ከሚበቅልባቸው የዓለም ጥቂት ቦታዎች አንዱ ነው። በ2002 ዓ.ም. ዩኔስኮ ከካፋ ጋር አንድ ላይ የባዮስፌር ጥብቅ ቦታ ብሎ መዝግቦታል። በአገራችን ሁለቱ የመጀመሪያዎቹ ናቸው።

ወደ እንቁላሉ እንመለስ። አስኳሉ 27,733 ሄክታር ነው፤ እዚያ ዛፍ አይቆረጥም፣ ቡናም አይለቀምም። ነጩ 21,552 ሄክታር ነው፤ የአካባቢው ሰው ይገባል፣ ቡና ይለቅማል፣ ቀፎ ይሰቅላል። ቅርፊቱ 117,736 ሄክታር ሲሆን ቤቱም፣ የበቆሎ ማሳውም፣ ገበያውም እዚህ ነው። እንቁላላችን ከያዮ የሚለየው በዚህ ነው፤ በያዮ ቅርፊቱ ከሁሉም ይወፍራል። ብልሃቱም እሱ ነው። መሀሉን ለመጠበቅ ሰውን ከማባረር ይልቅ ሰውን ራሱን ቅርፊት ማድረግ።

ማንም የማይለቅመው ቡና ታዲያ ለምን ይጠቅማል?

ከኢሉባቦር የመጣ የጫካ ቡና ከደረሰዎ፣ ከመቁላትዎ በፊት አንድ እፍኝ ጥሬውን ሰፌድ ላይ ዘርግተው ይዩት። አንዱ ድቡልቡል፣ አንዱ ረዘም ያለ፣ አንዱ ጥቃቅን ነው። ወፍና ጦጣ ፍሬውን በልተው ዘሩን በሚጥሉበት ጫካ እያንዳንዱ ዛፍ የራሱ መልክ፣ የራሱም ጥንካሬ አለው።

ይህ ልዩነት አንድ ጊዜ ቡናችንን አድኖታል። እ.ኤ.አ. በ1971 እንጭጩን ፍሬ አጥቁሮ የሚያረግፍ በሽታ አገራችን ውስጥ ታየ። ተመራማሪዎች ሌላው ሁሉ ሲታመም ጤነኛ ሆነው የቆሙ ዛፎችን ፍለጋ ወደ ደቡብ ምዕራብ ወጡ። እ.ኤ.አ. በ1974 ከመቱ አካባቢ፣ ቢሻሪ ከሚባል ስፍራ፣ እናት ዛፎች ተመረጡ። የጅማ ግብርና ምርምር ማዕከል ካወጣቸው ዝርያዎች 74110 እና 74112 የእነዚህ ልጆች ናቸው። ገበሬው ዛሬም በቁጥር ይጠራቸዋል፤ የፊተኛው 74 የተመረጡበት ዓመት ነው። ምናልባት አሁን ጀበናው ውስጥ ያለው ከእነሱ የአንዱ ይሆናል። ነገ ሌላ በሽታ ቢመጣ ደግሞ የምንፈልገው ዛፍ አስኳሉ ውስጥ ሊኖር ይችላል።

ጫካው እስካሁን ለምን እንደቀረ ለማየት አንድ ወረቀት ጨብጠው ያጨማድዱና መልሰው ላላ አድርገው ይዘርጉት። ውሃ በማንኪያ ጠብ ጠብ ያድርጉበት። ውሃው እጥፋቱን ይዞ ይወርዳል፣ ጀርባው ደረቅ ይቀራል። ሰው ለመንገድና ለቤት ደረቁን ጀርባ ይመርጣል። ጫካው ደግሞ እጥፋቱ ውስጥ ይቀራል፤ የገባና የዶጊ ወንዞች ሸለቆ ቁልቁለት ስለሆነ በሬ ጠምዶ ለማረስ አይመችም። ያ የማንኪያ ውሃ ሩቅ ተጓዥ ነው። ገባ ከብርብር ጋር ተገናኝቶ ባሮ ይሆናል፣ በጋምቤላ አልፎ ወደ ሶባት ይወርዳል፣ ከዚያ ነጭ ዓባይ።

የቀረው፣ ይህን ሁሉ ማን ያስተዳድረዋል የሚለው ነው። የቀበሌ መታወቂያዎን ያውጡ። ክልል፣ ዞን፣ ወረዳ፣ ቀበሌ፤ እሱም እንደ እንቁላሉ አንዱ በአንዱ ውስጥ ነው። ጫካው ግን የወረዳ ድንበር አያውቅም፤ ያዮን፣ ሁሩሙን፣ ቢሎ ኖጳን፣ አልጌ ሳቺን፣ ዶረኒንና ጮራን አካልሎ ይሄዳል። ስለዚህ ሥራው የሚወድቀው ከሁሉ በታች ባለችው መስመር፣ በቀበሌዋ ላይ ነው።

የገጠር ቀበሌ ሥሩ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው የመሬት አዋጅ ነው። አዋጁ ቢያንስ 800 ሄክታር፣ ማለትም 20 ጋሻ፣ በሚሆን መሬት ላይ የገበሬ ማኅበር እንዲቋቋም አዘዘ። ትልልቅ ሰዎች እስካሁን ቀበሌውን «ገበሬ ማኅበር» ሲሉ የሚሰሟቸው ለዚህ ነው። በዚያ ልክ ቢሰፈር አስኳሉ ብቻውን ወደ 35 የገበሬ ማኅበር ያህል ይሰፋል።

በአስኳሉና በነጩ መካከል ደግሞ አጥር የለም። ለቀማ ሲደርስ ቅርጫቷን ይዛ የምትገባ ሴት የት ድረስ እንደምትሄድ፣ የትኛው ዛፍ ጋ እንደምትመለስ ማወቅ አለባት። ያን ወሰን የሚያሳያትም፣ ሲታለፍ የሚቆጣውም የገዛ ቀበሌዋ ሰው ነው።

ቡናው ፈላ። እንቁላሉን ጨው ነስንሰው ይብሉት፤ አስኳሉን ግን መጨረሻ ላይ።